«ገና አልተሰናዳሁም»፦ የወይዘሮ ስንዱ ገብሩ ጉዳይ ከጎንደር ሲታይ

ባለፈው ዓመት አንዲት ጓደኛዬን «ርዕሰ መምህር ሁኚ» አሏት። እምቢ አለች።

አሥራ አንድ ዓመት ባዮሎጂ አስተምራለች። ከዚያ ውስጥ ሦስቱን ዓመት ምክትል ነበረች። ክፍለ ጊዜ የምትደለድለው እሷ ናት። ፈተና ሲባዛ ማባዣ ክፍል የምታመሸው እሷ ናት። ወላጅ ደሙ ፈልቶ ሲመጣ በር ላይ ተቀብላ የምታበርደውም እሷ። አለቃዋ ስብሰባ ይውላል፣ እሷ ትምህርት ቤቱን ይዛ ትውላለች። ሹመቱ ሲመጣ ግን «ገና አልተሰናዳሁም» ብላ ቁጭ።

«እስክትሰናጂ ስንት ዓመት ይፈጅብሻል?» አልኳት።

«ተይኝ ባክሽ» አለች፤ ወሬውም በዚያው ተቆረጠ።

ሁሉን ትሥራ እንጂ አንድ ነገር በእጇ አልነበረም። ማኅተሙ። እጀታው የተላጠ ክብ ማኅተም ነው፤ ከወይን ጠጅ ቀለሙ ጋር በብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ ይቀመጣል፤ ቆርቆሮው ደግሞ የአለቃዋ መሳቢያ ውስጥ ይቆለፋል። አንድ ልጅ መሸኛ ቢፈልግ እሷ ትጽፋለች፣ እሷ ትፈርማለች። ከዚያ ልጁ ባለማኅተሙ ከስብሰባ እስኪመለስ በረንዳ ላይ ይቀመጣል። አንዳንዴ እስከ ማግሥቱ።

በዚያው ሰሞን እኔ እዚሁ ጎንደር የትምህርት አመራር ሥልጠና ላይ ነበርኩ። እያንዳንዳችን አንድ እውነተኛ ጉዳይ መርጠን እንድንጽፍ ታዘዝን። ብዙዎቹ የመጽሐፍ እጥረት፣ የተማሪ ማርፈድ፣ የአጥር መፍረስ ጻፉ። ደህና ናቸው። እኔ ግን የጓደኛዬ ቃል ጆሮዬ ላይ ቀርቶ ነበርና ስማቸው ብቻውን መልስ የሚመስል ሰው መረጥኩ። የእቴጌ መነን ትምህርት ቤት የመጀመሪያዋ ኢትዮጵያዊት ኃላፊ የነበሩትን ወይዘሮ ስንዱ ገብሩን። ስንዱ ማለት እንግዲህ የተሰናዳ ማለት ነው።

ጎንደር ምን አገባው?

አሠልጣኙም ይህንኑ ጠየቀኝ። ወይዘሮ ስንዱ የተወለዱት በ1908 ዓ.ም. አዲስ ዓለም ነው፣ ሸዋ። የሠሩት በአብዛኛው አዲስ አበባ። ጎንደር የገባችው በአባታቸው በኩል ነው። አባታቸው ከንቲባ ገብሩ ደስታ ምኒልክ የጎንደር ከንቲባ አድርገው የሾሟቸው ሰው ናቸው። ዛሬ ከንቲባ የሌለው ከተማ የለም። ድሮ ግን ቃሉ የእኛው አገር ማዕረግ ነበር፤ ከንቲባ ሲባል ሰው ጎንደርን ያስባል።

ከንቲባ ገብሩ ለዘመናቸው እንግዳ ሰው ነበሩ። በልጅነታቸው ሚሲዮኖች ወስደዋቸው ኢየሩሳሌምና ስዊዘርላንድ ተማሩ። ጀርመንኛ ይናገራሉ። በ1911 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ከተላኩት አራት መልእክተኞች አንዱ ነበሩ፤ ብላቴን ጌታ ኅሩይም አብረው ነበሩ። እንዲህ ያለ ሰው ሴት ልጁን ምን ያደርጋታል? «ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቅ» የሚባልበት ዘመን ነው። እሳቸው ልጃቸውን አዲስ አበባ ስዊድን ሚሲዮን አስተማሩ፤ ከዚያ ገና ልጅ ሳለች እሳቸው ወደ ተማሩበት ወደ ስዊዘርላንድ ሰደዷት።

ይህንን ስጽፍ የታዘብኩት አለ። ጎንደር ውስጥ «ሴት መሪ» ብትሉ ሁሉም የሚያነሣው እቴጌ ምንትዋብን ነው። ቁስቋም ይነሣል፣ ግንቡ ይነሣል፣ እልልታ ነው። ከምንትዋብ ተነሥተን ዘለን ዛሬ ላይ እናርፋለን። መሐሉ ባዶ ነው። ምንትዋብ ደግሞ ለጓደኛዬ ምንም አትጠቅማትም። ዙፋን የነበራት ሴት ናት። ጓደኛዬ ያላት ጠመኔ ነው፣ ማኅተም እንኳ የላትም። ለእሷ የሚሆነው ቢሮ ገብቶ፣ መዝገብ ከፍቶ፣ መምህራን ሰብስቦ የሠራ ሰው ነው።

የሥራ ልምድ፦ ጫካና እስር ቤት

የእቴጌ መነን ትምህርት ቤት የተከፈተው እ.ኤ.አ. በ1931 ነው፣ ለሴቶች ልጆች። አዳሪ ትምህርት ቤት ነበር። ያኔ አገሪቱ ውስጥ የሴቶች ኮሌጅ የሚባል ነገር ስለሌለ ወደዚያ የሚቀርበው ይኸው ነበር። ሲጀመር የመሩት ከውጭ የመጡ ሴቶች ናቸው። ይህ ማንንም አልገረመም። ዘመናዊ ትምህርት የፈረንጅ ነገር ነው፣ እንግዲህ ፈረንጅ ይምራው። አስተሳሰቡ ይኸው ነበር።

ወይዘሮ ስንዱ ከአውሮፓ የተመለሱት ከወረራው በፊት ነው። ጣሊያን ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ሲገባ ሃያ ዓመታቸው ነበር። የተማረች፣ ፈረንሳይኛ የምትችል፣ የከንቲባ ልጅ። ብዙ ምርጫ ነበራቸው፣ ዝም ብሎ ቤት መቀመጥን ጨምሮ። እሳቸው ወደ ምዕራብ ወጡ። እዚያ ነቀምቴ ላይ የጥቁር አንበሳ ማኅበር ተቋቁሞ ነበር። ሊቀመንበሩ ዶክተር ዓለመወርቅ በየነ ናቸው፣ የእንስሳት ሐኪም። ከሆለታ ጦር ትምህርት ቤት የወጡ ወጣቶች አብረው አሉ። ራስ እምሩን መሪ አድርገው ተዋጉ። ወይዘሮ ስንዱ ከዚህ ቡድን ጋር ነበሩ፣ ቁስለኛ በመርዳት። ታኅሣሥ 1929 ዓ.ም. ራስ እምሩ ጎጀብ ወንዝ አካባቢ ሲከበቡና እጅ ሲሰጡ ነገሩ አበቃ። ወይዘሮ ስንዱ ተይዘው ወደ ጣሊያን አገር ተጋዙ፣ አዚናራ ወደምትባል ደሴት። ከሰርዲኒያ ሰሜን ምዕራብ ያለች ትንሽ ደሴት ናት። ብዙ ኢትዮጵያውያን መኳንንትና ወይዛዝርት እዚያ ታስረዋል።

የሥራ ልምድ ማስረጃ ይቅረብ ቢባል እንግዲህ ይኸው ነው። ስለ ትምህርት ቤት አስተዳደር ሥልጠና የሚል መስመር የለበትም። ቁስለኛ ማስታመም፣ ረኃብ፣ ግዞት። አዳሪ ትምህርት ቤት የመራ ሰው ይህንን ሲያነብ «መጥፎ ዝግጅት አይደለም» ብሎ ፈገግ ማለቱ አይቀርም። እኔም ፈገግ ብያለሁ። ግን ቀልዱን ትተን፣ ልብ በሉ፦ ስንዱ ተብለው ተጠርተው የተሰናዱት ማንም ባላሰበው መንገድ ነው።

አዲስ አበባ በ1933 ዓ.ም. ነጻ ወጣች። ጎንደር ግን ያኔም ጣሊያን እጅ ነበረች። የጣሊያኑ ጄኔራል ናሲ እዚህ መሽጎ እስከ ኅዳር 1934 ዓ.ም. ቆየ። የጣሊያን ጦር በአገራችን የመጨረሻውን እጅ የሰጠው እዚሁ ነው። ይህንን የምጽፈው ጎንደር ፒያሳ ነው፣ ያኔ ከተሠሩት ሕንፃዎች አንዱ ሥር፣ ማኪያቶዬ ቀዝቅዞ። ስለዚህ በነጻነቱ የመጀመሪያ ወራት አዲስ አበባ ላይ ስለ ትምህርት ቤት መታሰብ ሲጀምር፣ እኛ ጋ ገና መድፍ ይጮኽ ነበር። የሰሜኑ ትምህርት ለምን ዘገየ ለሚል ሰው አንዱ መልስ እዚህ አለ። ለሌላ ጊዜ ይቆየኝ።

ሁለት በር በአንድ ጊዜ

ከነጻነት በኋላ ወይዘሮ ስንዱ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤት የመጀመሪያዋ ኢትዮጵያዊት ኃላፊ ሆኑ። ይህ ዓረፍተ ነገር በየጽሑፉ ይገኛል። «የመጀመሪያዋ» ተብሎ ይታለፋል። እኔ ግን ቃሉ ላይ ትንሽ ልቁም።

የዚያን ዘመን ትልልቅ ትምህርት ቤቶች እነማን ይመሯቸው ነበር? ተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ለካናዳ ኢየሱሳውያን፣ ለካቶሊክ መነኮሳት ማለት ነው፣ ተሰጠ። ጄኔራል ዊንጌት ትምህርት ቤት በእንግሊዞች እጅ ነው። በ1943 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሲከፈት ፕሬዚዳንቱ ካናዳዊው ዶክተር ሉስዬን ማት ናቸው። ወንድ ኢትዮጵያዊ እንኳ እዚያ ወንበር ላይ ለመቀመጥ ወረፋ አላገኘም። በዚህ መሐል አንዲት ኢትዮጵያዊት ሴት አንድ ትልቅ ትምህርት ቤት ትመራለች። ሰብረው የገቡት ሁለት በር ነው፣ የፈረንጁንና የወንዱን። ያውም በአንድ ጊዜ።

ከፊታቸው እንዲህ ያደረገች የሚመስሏት አገራዊ ሴት አልነበረችም። ይህ ከባዱ ነገር ነው ብዬ አምናለሁ። መምህራን ስብሰባ ላይ ስንት ጊዜ ዝም ማለት እንደሚገባ፣ የመኳንንት ልጅና የድሃ ልጅ አንድ ጥፋት ሲያጠፉ ምን እንደሚደረግ፣ ወላጅ «ልጄን ልዳራት ነው፣ ስጡኝ» ብሎ ሲመጣ በር ላይ ምን እንደሚባል፣ ይህንን የሚያሳይ ሰው የለም። ፈረንጇ ኃላፊ «የአገሩን ባህል አላውቅም» ብላ ልታመልጥ ትችላለች። ኢትዮጵያዊቷ ማምለጫ የላትም። ባህሉን ታውቃለች፤ ወላጁም ማወቋን ያውቃል።

ይህ የትዳር ነገር የጉዳዩ እምብርት ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ወንድ በ18፣ ሴት በ15 ዓመቷ ማግባት ትችላለች ይል ነበር፣ ቁጥር 581። ይህ በሕግ ነው። በተግባር ከዚያም በታች ነበር፤ እኛ አገር ገጠር ደግሞ ማን ዕድሜ ቆጥሮ? አሥራ አምስት ዓመት የስምንተኛ ክፍል ልጅ ናት። የሴቶች ትምህርት ቤት ኃላፊ መሆን ማለት እንግዲህ ከሰርግ ጋር እሽቅድምድም ነው። ሒሳቡንና እንግሊዝኛውን መምህራን ያስተምራሉ። ኃላፊዋ የምትጠብቀው ጊዜን ነው፣ ልጅቷ አንድ ዓመት እንድትጨምር፣ ከዚያ ደግሞ አንድ ዓመት። ይህ የ15 ዓመት ወለል 18 የሆነው በ1992 ዓ.ም. በወጣው የቤተሰብ ሕግ ነው። አርባ ዓመት።

ወይዘሮ ስንዱ በዚያው ዘመን ይጽፉም ነበር። ግጥምና ተውኔታቸውን የያዘው «የልቤ መጽሐፍ» በ1942 ዓ.ም. ወጥቷል። የወረራው ዘመን እዚያ ውስጥ አለ። የልብስ ስፌትና የቤት አያያዝ ለሴት ልጅ ይበቃል በሚባልበት ዘመን የሴቶች ትምህርት ቤት ኃላፊ ስለ የካቲት 12 ተውኔት ትጽፋለች። ከሥልጠናችን ማስታወሻ ውስጥ «የትምህርት ቤት ባህል መገንባት» የሚል ምዕራፍ ነበር፣ አርባ ገጽ። ይህ አንድ ምሳሌ ቢገባበት ባጠረ።

እናትየዋ

ጽሑፉን ግማሽ ላይ ሳደርስ ጓደኛዬ ቤት ቡና ተጠራሁ። ማራኪ በኩል ነው ቤታቸው። እናቷ አሉ፣ ሰባ ያለፋቸው፣ ጡረታ የወጡ ነርስ። የተማሩት እዚሁ ጎንደር የጤና ኮሌጅ ነው። ኮሌጁ የተከፈተው በ1947 ዓ.ም. ነው፤ ከዚያ በፊት በደምቢያ ሜዳ ወባ ሰዉን ፈጅቶት ነበር። ሦስት ዓይነት ባለሙያ ያወጣ ነበር፦ ጤና መኮንን፣ የማኅበረሰብ ነርስ፣ ሳኒታሪያን (የአካባቢ ንጽሕና ባለሙያ)። ሦስቱ እንደ ቡድን ሆነው ገጠር ጤና ጣቢያ ይላካሉ። ነርሶቹ በአብዛኛው ሴቶች ነበሩ። እናትየዋ የደረሱት በኋለኞቹ ዓመታት ነው።

አቦሉ ተቀዳ። ፈንድሻው መጣ። ስለ ወይዘሮ ስንዱ አወራሁላቸው።

«አንቱ እንዲህ ያለ ሥራ ሠርተው ያውቃሉ? ኃላፊ ሆነው?» አልኳቸው።

«ሆኜ አውቃለሁ እንጂ። ጤና ጣቢያው ሰው ሲያጣ እኔን አደረጉኝ።»

«ተሰናድተው ነበር?»

ሳቁ። «ምን ተሰናድቼ! ወንዶቹ ‹አንቺ› ነበር የሚሉኝ። ዘበኛው ሳይቀር። እኔ አንቱ እስኪሉኝ ብጠብቅ ኖሮ እስከ ዛሬ እዚያው በር ላይ በቆምኩ። መዝገቡን ያዝኩ፣ የመድኃኒቱን ቁልፍ አንገቴ ላይ አሰርኩ። ሁለት ወር አልሞላም፣ ራሳቸው አንቱ አሉኝ።»

ጓደኛዬ ጀበናውን እያስተካከለች ነበር። ቀና ብላ አላየችንም። ግን «ቁልፉን አንገቴ ላይ» ሲሉ እጇ ቆም ብሎ ነበር፣ አይቻለሁ።

«ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቅ ይባል የለ?» አልኳቸው ሆን ብዬ።

«ቁልፍ ያለው ያልቃል» አሉ። ተረት ሲፈጥሩ አያፍሩም።

ከዚያ በኋላ

ወደ ወይዘሮ ስንዱ ልመለስ። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ወጣ፤ ሴትም መምረጥና መመረጥ ቻለች። እ.ኤ.አ. በ1957 በተደረገው የመጀመሪያው ሕዝባዊ ምርጫ ወይዘሮ ስንዱ አሸንፈው የሕግ መምሪያ ምክር ቤት ገቡ፣ የመጀመሪያዋ ሴት ተመራጭ። በኋላም የምክር ቤቱ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ። ማን እንደ መረጣቸው ሳስብ የራሴ ግምት አለኝ፦ ትምህርት ቤት የሚመራ ሰው ስሙ በየቤቱ ይገባል። በልጅ በኩል ይገባል፣ በሪፖርት ካርድ በኩል ይገባል። ከዚያ የተሻለ የምርጫ ቅስቀሳ አላውቅም።

አሁን ደስ የማይለው ይመጣል። ያ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የወጣው እሳቸው ምክር ቤት በነበሩበት ዘመን ነው። ቁጥር 635 ባል የቤተሰቡ አለቃ ነው ይላል፤ ሚስት ሕጋዊ በሆነው ነገር ሁሉ ትታዘዘዋለች ይላል። ምክር ቤቱን በምክትልነት የምትመራ ሴት ቤቷ ስትገባ በሕግ ታዛዥ ናት። ሥልጠና ላይ ይህንን ሳነብ አንድ ባልደረባችን «ታዲያ ምን ለወጠች?» አለ። ጥያቄው ልክ ነው፤ ደስ የሚል መልስ የለኝም። አንዲት ሴት አንድ ወንበር ላይ ብትቀመጥ ሕጉ ወዲያው አይቀየርም። ቢሆንም ጥያቄውን ለጠያቂው መለስኩለት፦ ወንድ ርዕሰ መምህር ሲሾም «ምን ለወጠ?» ብለን ጠይቀን እናውቃለን? ወይስ እሱ መቀመጡ ብቻ ይበቃል? አዳራሹ ትንሽ ዝም አለ፤ ከዚያ የሻይ ሰዓት ደረሰ።

የቀረውን ባጭሩ፦ በኋላ ጀርመን አገር ቦን ባለው ኤምባሲያችን ሠርተዋል። አባታቸው ጀርመንኛ የተማሩት ያለ ምክንያት አይመስልም፣ ቋንቋው ቤት ውስጥ ሲዞር የኖረ ነው። ያረፉት ሚያዝያ 2001 ዓ.ም. ነው፣ በ93 ዓመታቸው።

ሥልጠናው ላይ ውጤቴ መካከለኛ ነበር። አሠልጣኙ ዳር ላይ በቀይ «ከአካባቢው ችግር ጋር ግንኙነቱ ይብራራ» ብሎ ጻፈ። ጓደኛዬን ስሟን መጥራት ስላልፈለግሁ ያንን ክፍል አውጥቼው ነበርና አልፈርድበትም።

ባለፈው ወር ጓደኛዬ ደወለች። ያንኑ ቦታ እንደገና ጠይቀዋታል።

«እሺ አልሽ?»

«ደብዳቤ ጻፍኩላቸው።»

«ምን ብለሽ?»

«ማኅተሙን በርክክብ ቅጽ ፈርሜ ካልተረከብኩ፣ የመሳቢያውም ቁልፍ ሁለቱም ካልተሰጠኝ አልገባም ብዬ።»

«ሁለት ቁልፍ አለው እንዴ?»

«አለው። ሁለተኛው የት እንዳለ ሦስት ዓመት ሙሉ አላወቅሁም ነበር። ጸሐፊዋ ጋ ነው ለካ።»